ጧፍ የማይቀሰቅሰው ጣሪያ

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

በልብ ወለድ ዓምዳችሁ በምናባዊ አገር ስላለ ጣሪያ የወጣውን ትረካ አነበብን። ጠዋት ነጭ የነበረው ጣሪያ ፀሐይ ሲያገኘው ባለ ክንፍ ፊቶች ይወጡበታል፤ ሲመሽ ቀይ ብርሃን ይረጫሉ፤ ካህኑ ጧፍ ሲያበራ ደግሞ ዓይናቸውን ይገልጣሉ። ይህ ሁሉ ሺህ ዓመት ሳይደበዝዝ ኖሯል ይላል። ጎንደር ላይ ተቀምጦ ይህን የሚያነብ ሰው የመላእክት ፊቶች የተሣሉበት የደብረ ብርሃን ሥላሴ ቤተ ክርስቲያን ጣሪያ ትዝ ሳይለው አይቀርም። ከቀለም ጋር የምንውል ሰዎች ግን የምንለው አለን፦ አስማት የሚመስለው አብዛኛው ነገር በእጅ ይሠራል፤ የማይሆነው ሺህ ዓመቱ ነው።

ፀሐይ ሲያገኘው ብቅ የሚለው ፊት በፎቶክሮሚክ ቀለም ይሣላል። ደጅ ሲወጡ የሚጠቁሩት መነጽሮች የሚሠሩት በዚሁ ዘዴ ነው። ቀለሙን የሚቀሰቅሰው ዓይናችን የሚያየው ብርሃን ሳይሆን አልትራቫዮሌት ጨረር ነው፤ መነጽሩ መኪና ውስጥ እምብዛም የማይጠቁረው የፊት መስታወቱ ጨረሩን ስለሚያስቀርበት ነው። ጨረሩ በየ1,000 ሜትር ከፍታ 10 በመቶ ያህል ስለሚጨምር፣ ከ2,100 ሜትር በላይ ላይ ያለችው ጎንደር ለዚህ ሥራ የተመቸች ናት። ደጋነቷም ይረዳል፤ ሙቀት ሲበዛ ቀለሙ ቶሎ ወደ ነጭነቱ ይመለሳልና። ጧፉ ግን አይሆንም። የጧፍ ነበልባል ያለው አልትራቫዮሌት ከቁጥር አይገባም፤ መቶ ጧፍ ቢለኮስ ትርፉ ጥላሸት ነው።

ለምሽቱ ብርሃን ጠጥቶ በጨለማ የሚያበራ፣ ስትሮንቲየም አሉሚኔት የሚባል ዱቄት አለ፤ በፈረንጆቹ 1990ዎቹ የመጣ ነው። የድሮው ዚንክ ሰልፋይድ ቶሎ ሲደክም ይህኛው ለሰዓታት ያበራል። አቡጀዲ ይወጠርና ሁለት እጅ ነጭ አክሪሊክ ይቀባል። ነጩ መደብ ወደ ኋላ የሚሄደውን ብርሃን ወደ ተመልካቹ ይመልሰዋል፤ ጥቁር መደብ ይውጠዋል። ለ100 ግራም ቀለም አልባ አክሪሊክ ማጣበቂያ 50 ግራም ዱቄት ይገባል። ዱቄቱ ውሃ እንዳያስገባ የተለበጠ ዓይነት ይሁን፤ ያልተለበጠው ከውሃው ጋር ሲገናኝ ይጓጉላል፣ ማብራቱንም ያጣል። በእንጨት ወይም በፕላስቲክ እንጂ በብረት አይማሰል፤ ዱቄቱ ጠንካራ ስለሆነ ብረቱን ፍቆ ግራጫ ያወጣል። ይልማል ብሎ መውቀጥም ኪሳራ ነው፣ ቅንጣቱ በደቀቀ ቁጥር ብርሃኑ ይቀንሳል። ከባድ በመሆኑ ከታች ይዘቅጣል፤ ቀቢው በየደቂቃው ካላማሰለ የመጀመሪያው ብሩሽ ውሃ፣ የመጨረሻው ጭቃ ይሆናል። እያደረቁ ሦስት እጅ መቀባት ነው። ሲጠናቀቅ ሩብ ሰዓት ፀሐይ ቢጠጣ ይበቃዋል። ትረካው ቀይ ባይመርጥ ጥሩ ነበር፤ ደምቆ የሚያበራው አረንጓዴው ነው፣ ቀዮቹ ዱቄቶች ደካሞች ናቸው።

ፎቶክሮሚኩ በተቃራኒው ጥቂት ነው የሚፈልገው፤ ለ100 ግራም ማጣበቂያ በ5 ግራም ይጀመራል። በጥቃቅን ከረጢት የታሸገ ስለሆነ በአኳራጅ ወይም በአሴቶን ማቅጠን ከረጢቱን ያፈርሰዋል። ሁለቱ ቀለሞች ደግሞ ጎን ለጎን ይቀቡ እንጂ አንዱ በሌላው ላይ አይደረብ፤ የላይኛው ጨረሩን እየወሰደ የታችኛውን ያስርበዋል።

አሁን ወደ ሺህ ዓመቱ። ፎቶክሮሚክ ቀለም በተቀሰቀሰ ቁጥር ጥቂት ጥቂቱ ይበላሻል፤ ደጅ ሲውል ቶሎ ይደክማል። «ታዲያ መከላከያ ቫርኒሽ ይቀባ» የሚል አይጠፋም። አልትራቫዮሌት የሚያስቀር ቫርኒሽ ቀለሙን ያኖረዋል፣ ግን ተኝቶ ነው የሚኖረው፤ የሚያጠፋውና የሚቀሰቅሰው ያው አንድ ጨረር ነውና። ማጣበቂያው ውስጥ የሚጨመሩ፣ ጨረሩን ሳይከለክሉ ዕድሜ የሚያራዝሙ ማረጋጊያዎች አሉ፤ ያዘገያሉ እንጂ አያስቀሩም።

የደብረ ብርሃን ሥላሴ ጣሪያ ዘመን የተሻገረበት አንዱ ምክንያትም ጥላ ነው። የሣር ክዳኑ ወደ ታች ወርዶ ፀሐዩን ያስቀራል፣ ውስጡ ደብዛዛ ነው። ሙዚየሞች ብርሃን ለሚጎዳው ነገር 50 ሉክስ (የብርሃን መጠን መለኪያ ነው) ይፈቅዳሉ፤ የቀትር ፀሐይ 100,000 ሉክስ ያህል ነው። የአንድ ሰዓት ፀሐይ ማለት በ50 ሉክስ የ2,000 ሰዓት ብርሃን ነው፣ በቀን 8 ሰዓት ቢሰላ 250 ቀን። ስለዚህ ትረካውን አንብቦ «እዚያው ጣሪያ ላይ ትንሽ የሚያበራ ቀለም ቢጨመርበት» የሚል ሰው ካለ ሐሳቡን ይተው። አክሪሊክ በአሮጌ ሥዕል ላይ ከደረቀ ሥዕሉን ሳይጎዱ ማንሳት ከባድ ነው፤ ፀሐይ እንዲገባ መስኮት መክፈትም ነባሩን ቀለም ያስበላል።

የሚሻለው በሌላ አዳራሽ፣ ሊወርድና ሊቀየር በሚችል ሸራ ላይ መሥራት ነው። መግቢያው ጠመዝማዛና ጨለማ ይሁን። ከጎንደር ቀትር በቀጥታ የገባ ሰው ዓይኑ ጨለማውን በደንብ እስኪለምድ 20 ደቂቃ ሊፈጅበት ይችላል፤ ቢያንስ አምስቱን ኮሪደሩ ውስጥ ካላሳለፈ «ምንም የለም» ብሎ ይወጣል። ዱቄቱም በመጀመሪያዎቹ ደቂቃዎች ነው አብዝቶ የሚደምቀው፣ ስለዚህ ሰው ኮሪደር ውስጥ ሳለ ሸራው በአልትራቫዮሌት መብራት መሞላት አለበት።

ሸራው ከመወጠሩ በፊት ግን ከእያንዳንዱ ፎቶክሮሚክ ቀለም መዳፍ የምታህል ቁራጭ ትቀባና ግማሿ በአልሙኒየም ወረቀት ተሸፍና ጣሪያ ላይ ትሰጣ፤ ከመስቀል እስከ ኅዳር ሚካኤል ይበቃል። ወረቀቱ ሲነሳ ሁለቱ ግማሾች ፀሐይ ላይ ጎን ለጎን ይታዩ፤ የተጋለጠው ግማሽ ከተሸፈነው ይልቅ ፈዞ ከቀለመ፣ ያ ቀለም ፊት አይሣልበት።

ከሠዓሊያንና ከቀለም ባለሙያዎች
ጎንደር