ለዓሣ ሩብ ሰዓት ይበዛበታል

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

በቅርቡ በምግብ ዓምዳችሁ ያወጣችሁት የዓሣ ጥብስ አሠራር ሁለት ነገር ይጎድለዋል። አንደኛ፣ ለግማሽ ኪሎ ፊሌቶ (ከዋናው አጥንት ተለይቶ የወጣ የዓሣ ሥጋ) ግማሽ ሊትር ዘይት ይጠይቃል። በአሁኑ የዘይት ዋጋ ይህን ማዘዝ ዓሣ አትብሉ ከማለት አይለይም። ሁለተኛውና የባሰው ደግሞ «15 ደቂቃ ይጠበስ» ብሎ ያልፋል፤ ዓሣው ቆሮሶ (ቲላፒያ) ይሁን ነጭ ዓሣ (ናይል ፐርች)፣ ስስ ይሁን ወፍራም አይናገርም። በሰሜን ሸዋ ከተሞች ብዙ ሰው «ዓሣ ደረቅ ነው፣ ጣዕም የለውም» ብሎ የሚተወው ጥፋቱ የዓሣው ሆኖ ሳይሆን እሳት ላይ ስለሚቆይበት ነው። እርማቱን እንድታወጡልን ይህን ጽፈናል።

ደቂቃ የሚቆጠረው በውፍረት ነው። ለአንድ ሳንቲ ሜትር ውፍረት፣ ሁለቱም ወገን ተደምሮ፣ 4 ደቂቃ ያህል ይበቃል። የቆሮሶ ፊሌቶ ወፍራም ቦታው እንኳ ቢበዛ አንድ ሳንቲ ሜትር ተኩል ስለሚሆን ከ5 እስከ 6 ደቂቃ ውስጥ ይወጣል። ከጫሞና ከአባያ ሐይቆች የሚመጣው ነጭ ዓሣ ግን ትልቅ ስለሆነ ፊሌቶው 2 ወይም 3 ሳንቲ ሜትር ሊወፍር ይችላል፤ እሱ 8 እስከ 12 ደቂቃ ይፈልጋል። ሦስት ሳንቲ ሜትር የሆነውን በአግድም ለሁለት መሰንጠቅ ይሻላል፤ አለዚያ ውስጡ ሳይበስል ላዩ ይጠቁራል። አምባዛ (ካትፊሽ) ስባምና ሽታው ጠንከር ያለ ስለሆነ ለወጥ እንጂ ለዚህ ዓይነቱ ፈጣን ጥብስ አንመርጠውም።

«እኛ ደጋ ነን፣ ሁሉም ነገር ይዘገያል» የሚል መልስ እንደሚመጣ እናውቃለን። እውነት ነው፣ ደብረ ብርሃን ከባሕር ጠለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ላይ ስላለች ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ90 ዲግሪ አካባቢ ነው። ባቄላውና ድንቹ አልበስል የሚሉን ለዚህ ነው። ዓሣ ግን መሃሉ 63 ዲግሪ ከደረሰ በስሏል፤ ከዚያ በላይ የሚቆየው ጭማቂውን ሊያፈስ ብቻ ነው። ስለዚህ የከፍታው ጉዳይ የሚመለከተው አብሮ የሚቀርበውን ድንች ነው። ድንቹ አስቀድሞ ተቀቅሎ ሊወጣ ሲል፣ ሰላጣው ተከትፎ፣ እንጀራው ተዘርግቶ፣ ዓሣው መጨረሻ ይጣዳል።

አሁን ወደ ግዢው። ወደ እኛ የሚደርሰው ዓሣ አብዛኛው በአዲስ አበባ በኩል በረዶ ሆኖ ስለሚመጣ የዓይኑን ጥራትና የመተንፈሻውን ቅላት አይቶ መርጦ መግዛት የለም። መታየት ያለበት ፌስታሉ ነው። ከፌስታሉ ሥር የረጋ በረዶ ካለ፣ ፊሌቶዎቹም እርስ በርስ ተጣብቀው አንድ ድንጋይ ከሆኑ፣ መብራት ሲጠፋ ቀልጦ ሲመጣ እንደገና የበረደ ነው ብሎ መጠርጠር ይገባል። ላዩ ላይ የነጣ ደረቅ ቦታ ካለ ደግሞ ፍሪጅ ውስጥ ከርሟል፤ አይጎዳም፣ ግን ሲበላ እንደ ገለባ ነው። አንዳንድ ሻጭ «ብርድ አገር ነው» እያለ ዓሣውን ከፍሪጅ አውጥቶ ባንኮኒ ላይ ያሳድረዋል። የኅዳርና የታኅሣሥ ሌሊት ውርጭ ቢሆንም ሱቁ ውስጥ እንደ ውጪው አይበርድም፤ ቀኑ ደግሞ ፀሐይ ነው። ዓሣ ከ4 ዲግሪ በታች መቆየት አለበት። ከዚያ ሻጭ አለመግዛት ነው። ለአራት ሰው 600 ግራም የቀለጠ ዓሣ ይበቃል፤ በረዶው ሲሄድ ክብደቱ ስለሚቀንስ ሲገዛ ጨመር ማድረግ ያስፈልጋል።

ማቅለጡ ላይ ነው ብዙ ቤት የሚሳሳተው። የሚሻለው ማታ ከበረዶ ማስቀመጫው ወደ ፍሪጁ ታችኛ ክፍል አውርዶ ማሳደር ነው። የቸኮለ ሰው ዓሣውን ውሃ በማያስገባ ፌስታል ቋጥሮ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ይንከረው፤ ውሃው አንዴ ከተለወጠ ስስ ፊሌቶ በግማሽ ሰዓት ይፈታል። ሙቅ ውሃ አይሆንም፤ ላዩ ሲቀቀል መሃሉ በረዶ ሆኖ ይቀራል። ያለ ፌስታል በቀጥታ መንከርም አይሆንም፤ ሥጋው ውሃ ይጠጣና መጥበሻው ላይ መልሶ ይተፋዋል። የቀለጠ ዓሣ ተመልሶ በረዶ ውስጥ አይገባም።

ከዚያ አጥንቱ ይፈለጋል። በፊሌቶው መሃል መስመር ላይ፣ ከራሱ ወገን ወደ ጅራቱ፣ ጣት ሲያልፍ የሚወጉ ጥቃቅን አጥንቶች ተሰልፈው ይገኛሉ። በግራና በቀኝ በቢላ ቀጭን አድርጎ ሰንጥቆ ማንሳት ነው፤ ልጆች ያሉበት ቤት ይህን መዝለል የለበትም። በጎኑ ላይ ቀላ ጠቆር ያለው የሥጋ ዘርፍና የሆዱ ጥቁር ስስ ሽፋንም ይወገዱ፤ ሽታው ከሌላው ይልቅ እዚያ ይበረታል።

ሎሚን በተመለከተ አንድ ነገር እንበል። የጭቃ ሽታ ይቀንሳል፣ ጥሩ ነው። ነገር ግን ሎሚ ውስጥ ለአንድ ሰዓት የተዘፈዘፈ ዓሣ ሳይጠበስ ይነጣል፣ ይጠነክራል፤ አሲዱ ሥጋውን ያለ እሳት ያኮማትረዋል። የነጣ ደግሞ የበሰለ አይደለም፤ ሎሚ ተሐዋስያንን ሁሉ አይገድልም። የግማሽ ሎሚ ጭማቂ አሽቶ በ5 ደቂቃ ውስጥ ለቅለቅ ማድረግ ይበቃል። የቀረው ግማሽ ሲቀርብ ላዩ ላይ ይጨመቃል።

ጨው ለ600 ግራም አንድ የሻይ ማንኪያ ለጥ ያለ። ጨው ተነስንሶበት 10 ደቂቃ ሲቆይ ውሃ ያወጣል፤ ያ ውሃ በንጹሕ ጨርቅ ይጠረግ፣ ከላይም ከታችም። ሶፍት ከሆነ እየተቀደደ ይጣበቃል። እርጥብ ዓሣ ዘይት ውስጥ ሲገባ እሳቱ ሥራውን ትቶ ውሃውን በማትነን ይጠመዳል፤ ዓሣው ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም፣ መጥበሻውንም ይይዛል። የሚፈረፈር ዓሣ ሁሉ ታሪኩ ይህ ነው።

2 የሾርባ ማንኪያ ፉርኖ ዱቄት፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ቁንዶ በርበሬና ትንሽ እርድ በሳህን ላይ ይደባለቁ። በርበሬ እዚህ ውስጥ አይግባ፤ በጋለ ዘይት ወዲያው ያርርና ይመራል። ዱቄቱ የሚነካው ዓሣው መጥበሻ ውስጥ ሊገባ ሲል ነው፤ ቀደም ብሎ ከተነካ ሊጥ ይሆናል። የተረፈው ዱቄት ይራገፍ።

ሰፊ መጥበሻ ይጋል። ቡታጋዝ ከሆነ 2 ደቂቃ፣ ኃይሉ ደከም ባለ የኤሌክትሪክ ምድጃ 5 ደቂቃ ያህል። 3 የሾርባ ማንኪያ ዘይት ይጨመር፤ ለስስ ፊሌቶ ከዚህ በላይ አያስፈልግም። ቁንጥር ዱቄት ጣል ሲደረግ ወዲያው ካንጫጫ ደርሷል፤ ከጨሰ አልፏል፣ ትንሽ ከእሳቱ ይነሳ። ሁለት ሁለት እያደረጉ መጥበስ ነው። አራቱ አንዴ ከገቡ መጥበሻው ይቀዘቅዛል፣ ውሃ ይቋጥራል። ከገባ በኋላ 3 ደቂቃ አይነካ። ሹካ ይዞ ቶሎ ቶሎ የሚገፋው ሰው ነው የሚፈረፍረው፤ ከሥሩ ቅርፊት ሲይዝ ራሱ ይለቃል። ካልለቀቀ ገና ነው ማለት ነው። አንዴ ብቻ ይገለበጥ፣ ሌላው ወገን 2 ደቂቃ። ክዳን አይደረግም፤ እንፋሎቱ ቅርፊቱን ያረጥበዋል።

መብሰሉን ለማወቅ ወፍራሙ ቦታ ላይ የቢላ ጫፍ አስገብቶ ቀስ ብሎ ማዞር። ሥጋው በንብርብሩ ከተለያየና ነጭ ከሆነ በቃው። መሃሉ እንደ መስታወት የሚያሳይ ከሆነ አንድ ደቂቃ ይጨመርለት። ከጎኑ ነጭ ጠብታ እያፈሰሰ ከሆነ አልፎበታል፤ ቶሎ ይውጣ። ከእሳት ከወረደ በኋላም በራሱ ሙቀት ትንሽ መብሰሉን ይቀጥላል።

በርበሬ ለሚወድ ቤት ሌላው መንገድ ስልስ ነው፤ ዓሣውን ቀድሞ መጥበስም አያስፈልገውም። አንድ መካከለኛ ቀይ ሽንኩርት በ2 ማንኪያ ዘይት 8 ደቂቃ ይቁላላ። 2 ፍንካች ነጭ ሽንኩርትና አንድ የሾርባ ማንኪያ በርበሬ ገብቶ፣ በማንኪያ ውሃ ጠብ እየተደረገ፣ 5 ደቂቃ። 3 የተፈጨ ቲማቲም ገብቶ ውሃው እስኪመጥ ሌላ 8 ደቂቃ። ስልሱ ሙሉ በሙሉ ካለቀለት በኋላ ነው ዓሣው፣ በ3 ሳንቲ ሜትር ተቆርጦ፣ ላዩ ላይ የሚደረደረው። እሳቱ ቀዝቀዝ ይበል፣ ይከደን፣ 5 ደቂቃ። አይማሰልም፤ ድስቱ ተይዞ ይነቀነቃል። ዓሣውን ከሽንኩርቱ ጋር የሚጥዱ ሰዎች ሲወጣ ዓሣ አያገኙም፣ የዓሣ ሾርባ እንጂ። ከላይ ቃሪያና የጥብስ ቅጠል፣ ከጾም ውጪ ከሆነም አንድ የሻይ ማንኪያ ቅቤ ይጨመር። ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለውን ለየቤቱና ለየንስሐ አባቱ ትተናል።

በመርሐቤቴ በኩል ከጀማ ወንዝ የሚወጣውን ባርቦ የተባለ ዓሣ ለሚያገኙ አንባቢዎች ደግሞ፣ ይህ የፊሌቶ አሠራር አይሠራም። ባርቦ ሥጋው ውስጥ ሹካ ሹካ የሆኑ ቀጫጭን አጥንቶች ስላሉት በእጅ ተለቅሞ አያልቅም። ቅርፊቱ ተፍቆ፣ ሆዱ ተጠርጎ፣ ሁለቱ ጎኖቹ በ3 ሚሊ ሜትር ርቀት እስከ ዋናው አጥንት ድረስ ይሸነሸናሉ፤ ጥቃቅኑ አጥንት ተቆራርጦ በጋለ ዘይት ተሰባሪ ይሆናል። ለዚህ ግን እውነትም ብዙ ዘይት ያስፈልጋል። ምናልባት አምደኛችሁ ያሰበው ይህን ዓሣ ይሆናል፤ ከሆነ ስሙን መጻፍ ነበረበት።

የተረፈ ጥብስ በፍሪጅ ከአንድ ቀን በላይ ባይቆይ ይመረጣል። በማግስቱ መልሶ መጥበስ ያደርቀዋል፤ ፈርፈር ተደርጎ በተቁላላ ሽንኩርትና ቃሪያ ላይ ለ2 ደቂቃ እስኪግል ከተገላበጠ ለቁርስ በዳቦ ይሆናል።

የምግብ ዝግጅት አሠልጣኞች
ደብረ ብርሃን፣ ሰሜን ሸዋ