ቤንቶ ቀዝቅዞ የሚበላ ምግብ መሆኑ አይዘንጋ

ለተከበረው የጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

ስለ ጃፓን ምሳ ዕቃ፣ ስለ ቤንቶ፣ ባወጣችሁት ጽሑፍ ፎቶዎቹ ዓይን ይስባሉ፤ ሩዙ ድብ፣ ካሮቱ አበባ ሆኗል። መመሪያውን ተከትሎ ማለዳ የሠራ ሰው ግን ቀትር ላይ ክዳኑን ሲያነሣ የሚጠብቀው የራሰ ሩዝና የላሸቀ ጥብስ ነው። ጽሑፉ ምግቡ ከምድጃ ሲወርድ ምን መምሰል እንዳለበት ነገረን እንጂ፣ አራትና አምስት ሰዓት ቆይቶ ሳይሞቅ ሲበላ ምን እንደሚሆን አላነሣም። የቤንቶ ሥራ በሙሉ ደግሞ ለዚያች ሰዓት ነው።

አጭርና ደልደል ያለ ፍሬ ያለው የጃፓን ሩዝ የሚመረጠው ለወግ ብቻ አይደለም። አሚሎዝ የሚባለው የስታርች ዓይነት ስለሚያንሰው ሲቀዘቅዝም እንደለሰለሰና እንደተያያዘ ይቆያል፤ ረጅሙ ሩዝ ይጠጥራል፣ ይበታተናል፣ በቾፕስቲክም አልነሣ ይላል። የጃፓን የሩዝ መስፈሪያ «ጎ» ይባላል፤ 180 ሚሊ ሊትር ሲሆን 150 ግራም ያህል ጥሬ ሩዝ ይይዛል። የመጀመሪያው ማጠቢያ ውሃ ወዲያው ይደፋ፤ ደረቅ ሩዝ ቶሎ የሚጠጣው ያንን ስለሆነ የገለፈት ሽታ ይዞ ይቀራል። ሁለት ሦስት ጊዜ ታጥቦ በሞቃት ወራት 30 ደቂቃ፣ በብርድ ወራት አንድ ሰዓት ይዘፍዘፍ። ውሃው ተጠንፍፎ ለአንድ ጎ 200 ሚሊ ሊትር አዲስ ውሃ ይጨመርበትና ድስቱ ሲፈላ እሳቱ ይቀነስ፤ ከ10 እስከ 12 ደቂቃ በኋላ ከእሳት ወርዶ ክዳኑ ሳይነሣ ሌላ 10 ደቂቃ በእንፋሎቱ ይቆይ። የሚወጣው 330 ግራም ገደማ የበሰለ ሩዝ ነው።

ጽሑፋችሁ ጭራሽ የዘለለው ማቀዝቀዙን ነው። ሩዙ ወደ ምሳ ዕቃው የሚገባው ትኩስ ሳለ ነው፤ ከቀዘቀዘ በኋላ ቅርጽ አይዝም። ተዘርግቶ፣ ሳይጨፈለቅ፣ ወጥ (ከሩዙ ጋር የሚበላው ሁሉ) በሚገባበት በኩል ጎኑ ዘንበል ተደርጎ ይተውና በማራገቢያ ይቀዝቅዝ። ወጦቹ ለየብቻ በብረት ትሪ ላይ ይቀዝቅዙ። ክዳኑ በትኩሱ ከተገጠመ እንፋሎቱ ከክዳኑ ሥር ጤዛ ሆኖ ይንጠባጠባል፤ ሩዙን የሚያርሰውም ጥብሱን የሚያላሽቀውም ይኸው ጤዛ ነው። የባሰው ነገር ደግሞ ባሲለስ ሴሬየስ የሚባለው ባክቴሪያ ስፖሩ (እንደ ዘር ያለው ጠንካራ አካሉ) በመፍላት ስለማይሞት፣ ለብ ባለና እርጥብ ሩዝ ውስጥ ነቅቶ መባዛቱ ነው። መሞከሪያው ቀላል ነው፦ መዳፍን ከምሳ ዕቃው ሥር ማስደገፍ። ላዩ ቀዝቅዞ ሥሩ ለብ ካለ ገና ነው።

አንዳንዶች ማታ ሞልተው ማቀዝቀዣ ውስጥ ያሳድሩታል። ስታርች ቶሎ የሚጠጥረው ከዜሮ ጥቂት ዲግሪ ከፍ ባለ ቅዝቃዜ ስለሆነ ጠዋት የሚገኘው ጥሬ የመሰለ ሩዝ ነው። ማታ መሥራት ግድ ከሆነ ሩዙ በትኩሱ ተጠቅልሎ ይብረድና በረዶ ቤት (ምግብ በረዶ የሚሆንበት ክፍል) ይግባ፤ ጠዋት እንፋሎቱ እስኪወጣ ሞቆ እንደገና ይቀዝቅዝ።

ወደ ታማጎያኪ፣ ወደ ጥቅል የእንቁላል ጥብስ ልለፍ። የታተመው ልክ ለ3 እንቁላል 3 የሾርባ ማንኪያ ዳሺ (ከባሕር አረምና ከደረቀ ዓሣ የሚወጣ መረቅ) ይላል። ይህ በትኩሱ ለሚበላ ያምራል፤ ለቤንቶ ግን ሲቀዘቅዝ ውሃ ይተፋል። 1 የሾርባ ማንኪያ ዳሺ ይበቃል፤ 1 የሻይ ማንኪያ የድንች ስታርች ቢበጠበጥበት መረቁን ይይዘዋል። 1 የሾርባ ማንኪያ ስኳር፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ሶያ ሶስና ቁንጥር ጨው ይጨመር። እንቁላሉ አረፋ እንዳያወጣ በቾፕስቲክ ወዲያና ወዲህ እየተቆረጠ ይመታ። መጥበሻው መድረሱ የሚታወቀው የእንቁላል ጠብታ ሲነካው «ችስ» ብሎ ወዲያው ሲረጋ ነው፤ ዝም ካለ ገና አልጋለም፤ ያኔ የተጨመረ እንቁላል ይጣበቃል። አንድ ሦስተኛው ፈስሶ ሲረጋ ይጠቀለልና ወደ ዳር ይገፋል፤ መጥበሻው ዘይት ይቀባል፤ ቀጣዩ ሲፈስ ጥቅሉ ከፍ ይደረግና እንቁላሉ ከሥሩ ይግባ። ለገበታ ቢሆን መሐሉ ትንሽ ፈሳሽ ቢቀር ግድ የለም። ለቤንቶ ግን እስከ ውስጡ ይብሰል፤ ሲቀዘቅዝም ይቆረጥ። ስኳሩ ቶሎ ስለሚያር እሳቱ መካከለኛ ይሁን።

ዶሮ ለካራአጌ፣ በዘይት ለሚጠበሰው የዶሮ ቁራጭ፣ ከታፋው ቢሆን ይሻላል፤ የፈረሰኛው ሥጋ ሲቀዘቅዝ ይደርቃል። ለ250 ግራም 1 የሾርባ ማንኪያ ሶያ ሶስ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ሳኬ (የሩዝ መጠጥ) እና 1 የሻይ ማንኪያ የዝንጅብል ጭማቂ ተጨምሮ 20 ደቂቃ ይቆይ። እርጥበቱ ተጠርጎ በድንች ስታርች ይለወስ። በ170 ዲግሪ ዘይት 3 ደቂቃ ተጠብሶ ይውጣ፣ 3 ደቂቃ ይረፍ፣ በ180 ዲግሪ ለ1 ደቂቃ ይመለስ። የሥጋው መሐል 75 ዲግሪ ደርሶ 1 ደቂቃ መቆየት አለበት፤ ትልቁን ቁራጭ ሰንጥቆ ማየት አይከፋም። በወረቀት ላይ ከተከመረ በገዛ እንፋሎቱ ይርሳል፤ በሽቦ ወንፊት ላይ ይበተን። የበሬ ሥጋ ስብ ሲቀዘቅዝ ስለሚረጋ አፍ ላይ ይለጠፋል። ቅመሙም ከገበታው ትንሽ ጠንከር ይበል፤ ቀዝቃዛ ምግብ ጣዕሙ ደብዛዛ ነው።

ስፒናች 1 ደቂቃ ተቀቅሎ በቀዝቃዛ ውሃ ገብቶ ይጨመቅ፤ ጥቂት ሶያ ሶስ ተረጭቶበት ሁለተኛ ይጨመቅ። ይህን ሁለተኛ ጭመቃ የሚዘል ሰው ሰሊጡን ቢያበዛም አያድነውም። የተፈጨ ሰሊጥ የቀረችውን እርጥበት ይጠጣል፤ የተፋቀ ካትሱኦቡሺም (የደረቀ ዓሣ) እንዲሁ። ትንሿ ቲማቲም እንጨቷ ተነቅሎ፣ ታጥባና ደርቃ፣ ሳትቆረጥ ትግባ።

«ኡሜቦሺ (በጨው የተቀመጠ ኮምጣጣ የጃፓን ፕሪም) ምሳውን ከመበላሸት ይጠብቃል» የሚለው አባባል ግማሽ እውነት ነው። ነጭ ሩዝ መሐል ቀይ ኡሜቦሺ የሚቀመጥበት ቤንቶ በጃፓን ባንዲራ ስም «ሂኖማሩ» ይባላል። ጨውና አሲዱ ግን የሚሠራው በነካው አካባቢ ብቻ ነው፤ ጥግ ላይ ያለውን እንቁላል አይደርስለትም። በጥንቱ ዘዴ ጨዉ የፍሬውን ክብደት ከ18 እስከ 20 በመቶ ይሆናል፤ ዛሬ በማር የሚጣፍጠው ከዚያ በጣም ያነሰ ጨው ስላለው ያን ያህል አቅም የለውም። (አሲዱስ ቀላል አይደለም፤ የድሮ የአሉሚኒየም ምሳ ዕቃ ክዳን ይበሳ ነበር።) ኦኒጊሪ (በእጅ የሚጨበጥ የሩዝ ጉርሻ) የሚጨብጥ ሰውም በስስ ላስቲክ ይጨብጥ፤ ከእጅ የሚተላለፈው ስታፊሎኮከስ የሚባለው ባክቴሪያ የሚተወው መርዝ በማሞቅ አይጠፋም።

አሞላሉ 3 እጅ ሩዝ፣ 1 እጅ ዓሣ ወይም ሥጋ ወይም እንቁላል፣ 2 እጅ አትክልት ነው። በዚህ ልክ ጥቅጥቅ ብሎ ከተሞላ የዕቃው ሚሊ ሊትር ከምግቡ ኪሎ ካሎሪ ጋር ይቀራረባል፤ 600 ሚሊ ሊትር ወደ 600 ኪሎ ካሎሪ። ከሩዙ ቀጥሎ ትልልቁ፣ ከዚያ የሚታጠፈው፣ በመጨረሻ ትንንሹ ክፍተት ይድፈን። ተከድኖ ሲነቀነቅ ድምፅ ካሰማ አልሞላም፤ መንገድ ላይ ይደባለቃል። አረንጓዴዋ የላስቲክ ቅጠል፣ ባራን፣ ጣዕም እንዳይጋባ የምትለይ ናት፤ ጌጥ አድርጋችሁ ማቅረባችሁ ልክ አይደለም።

በአኪታ ግዛት ኦዳቴ ከተማ ሱጊ ከሚባለው የጃፓን ዛፍ እንጨት ታጥፎ የሚሠራው የምሳ ዕቃ፣ ማጌዋፓ፣ የሩዙን ትርፍ እርጥበት ይጠጣል። ያልተቀባው ዓይነት ከመሞላቱ በፊት በውሃ ረጠብ ተደርጎ ይጠረግ፤ አለዚያ ሩዙ ይለጠፋል፣ ዘይትም ይሰርጋል። ማይክሮዌቭ አይገባም፤ ታጥቦ ክፍቱን በጥላ ይድረቅ፤ እርጥቡ ከተከደነ ይጠቁራል።

በጃፓን የዝናብ ወቅት፣ በሰኔና በሐምሌ፣ ከአትክልትና ከሥጋ ጋር አብሮ የተቀቀለ ሩዝ ቶሎ ስለሚበላሽ ነጩ ይመረጥ። የበረዶ ከረጢቱ ከክዳኑ በላይ ይቀመጥ፤ ቅዝቃዜ ወደ ታች ነው የሚወርደው።

ከአክብሮት ጋር፣
አንባቢያችሁ