በሰርሲ ላኒስተር የሟቾች ዝርዝር ላይ የቀረበ ተቃውሞ

ለክቡር የጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፣

በመዝናኛ ዓምዳችሁ የወጣውንና የ«ጌም ኦፍ ትሮንስ» ተከታታይ ድራማን ጨካኝ ገጸ ባሕርያት በገደሏቸው ሰዎች ብዛት ደረጃ የሰጠውን ሠንጠረዥ በጥሞና አንብቤዋለሁ። ጸሐፊው ድራማውን መልሶ አይቶ ሟቾችን አንድ በአንድ ለመመዝገብ መድከሙ የሚያስመሰግነው ነው፤ ንግሥት ሰርሲ ላኒስተር ከራምሲ ቦልተን በታች መቀመጧን ግን በዝምታ ማለፍ አልቻልኩም። ስሕተቱ የመደመር አይደለም። በአንድ ሟች ነፍስ የሚጠየቀው ማን ነው የሚለው ጥያቄ ሳይመለስ ወደ ቆጠራ ስለተገባ፣ ሠንጠረዡ ለአንዱ ገጸ ባሕርይ በአንድ ሕግ፣ ለሌላው በሌላ ሕግ ሲፈርድ ይታያል፤ በዚህም ከሁሉ በላይ የተጠቀመችው ሰው ልካ የምታስገድለዋ ንግሥት ናት።

ራምሲን መቁጠር ቀላል ነው። አባቱን ሩስ ቦልተንን በጩቤ ሲወጋ፣ የኦሻን አንገት በቢላዋ ሲቀጥፍ፣ ትንሹን ሪከን ስታርክን በሜዳ ላይ እያስሮጠ በቀስት ሲጥል ካሜራው ፊቱ ላይ ነው። ሆኖም በእሱ ስም ከተመዘገቡት ሟቾች መካከል የእንጀራ እናቱ ዋልዳና አራስ ልጇ ይገኙበታል፤ እነዚህን የቦጫጨቋቸው ውሾቹ እንጂ የራምሲ እጅ አይደለም። ጸሐፊው ውሾቹን የለቀቀው እሱ ስለሆነ ነፍሳቸውን በእሱ ላይ ጽፏል፤ ልክ ነው። ኔድ ስታርክንም አንገቱን የቀላው ኢሊን ፔይን ሆኖ ሳለ ሟቹ የተቆጠረው ትእዛዙን በሰጠው በሰርሲ ልጅ በንጉሥ ጆፍሪ ላይ ነው፤ ይህም ልክ ነው። ታዲያ የሰርሲ ባላንጣ የዴኔሪስ አማካሪ ሚሳንዴይ በሰንሰለት እንደታሰረች በዋና ከተማዋ በኪንግስ ላንዲንግ ግንብ ላይ ቆማ፣ ሰርሲ አጠገቧ ሆና ምልክት ስትሰጥና ጠባቂዋ ግሬጎር ክሌጋን በሰይፍ አንገቷን ሲቆርጥ፣ ሟቿ ለግሬጎር የተሰጠችው በምን ምክንያት ነው? በዚያን ጊዜ ግሬጎር በንግሥቲቱ አገልጋይ በካይበርን መድኃኒትና ጥበብ ከሞት አፋፍ የተመለሰ፣ የማይናገር፣ ንግሥቲቱ ያለችውን ብቻ የሚፈጽም ፍጥረት ነው። በራስ ፈቃድ ረገድ ከራምሲ ውሾች የሚሻልበትን ነገር እኔ አላገኘሁም።

ሰርሲ በገዛ ራሷ ስትገድል በግልጽ የምናያት፣ እ.ኤ.አ. ከ2011 እስከ 2019 በዘለቁት ስምንት ምዕራፎች ውስጥ፣ አንድ ጊዜ ነው ማለት ይቻላል፤ ያም ቢሆን ያለ መሣሪያ ነው። በሰባተኛው ምዕራፍ ኤላሪያ ሳንድና ልጇ ታይኒ በእስር ቤቱ ግድግዳ ላይ ፊት ለፊት ታስረዋል። ሰርሲ ከንፈሯን ቀብታ መጥታ ከእናቲቱ ጋር ረጋ ብላ ትነጋገራለች፤ ከዚያ ታይኒን ከንፈሯ ላይ ትስማለች። ወዲያው ከንፈሯን ጠርጋ ማርከሻውን ትጠጣለች። መርዙ ኤላሪያ የሰርሲን ልጅ ሚርሴላን የገደለችበት ያው መርዝ ነው፤ እናቲቱ ግን እንድትሞት አልተፈረደባትም፤ ልጇ ሞታ ስትበሰብስ እያየች እንድትኖር ነው የተፈረደባት። ሠንጠረዡ ኤላሪያንም ከሟቾች መደመሩ ስለዚህ ስሕተት ነው። ድራማው ሞቷን አላሳየንም፤ ያልታየን ሞት መቁጠር ደግሞ የታየውን እንደመዝለል ያለ ጥፋት ነው። መነኩሲቷ ሴፕታ ዩኔላም እንዲሁ ለግሬጎር ተላልፋ ስትሰጥ እንጂ ስትሞት አላየናትም፤ ሰርሲ ራሷ ዛሬ እንደማትሞት ነግራታለችና ከዝርዝሩ ልትወጣ ይገባል። የእኔ ተቃውሞ የንግሥቲቱን ቁጥር በማናቸውም መንገድ ከፍ ለማድረግ አለመሆኑን ከዚህ መረዳት ይቻላል።

የሰርሲን ባል የንጉሥ ሮበርት ባራቲየንን ሞት ሠንጠረዡ «የአደን አደጋ» ብሎ አልፎታል። የገደለው የዱር አሳማ መሆኑን ማንም አይክድም። ነገር ግን በአደኑ ላይ እየደጋገመ ጠንካራ ወይን ሲያቀርብለት የነበረው የራሷ የሰርሲ ዘመድና ውሽማ ላንሰል ነበር፤ ላንሰልም ቆይቶ ወደ ሃይማኖት ከገባ በኋላ ይህን በኃጢአትነት ተናዟል። በሕግ ቋንቋ ላንሰል አባሪ፣ ሰርሲ ደግሞ አነሳሽ ናት፤ አሳማው በዝርዝሩ ውስጥ ቦታ የለውም።

ዋናው ክርክሬ ግን እ.ኤ.አ. ሰኔ 26 ቀን 2016 በተላለፈው የስድስተኛው ምዕራፍ መደምደሚያ ላይ ነው። ሰርሲ ለፍርድ በምትጠበቅበት ቀን በታላቁ የቤይለር ቤተ መቅደስ ውስጥ የከተማዪቱ መኳንንት፣ ካህናትና ታዳሚዎች ተሰብስበዋል። ሎራስ ታይሬል ኃጢአቱን ተናዞ ግንባሩ ላይ ባለሰባት ጫፍ ኮከብ በስለት ተቀርጾበታል። ሰርሲ አልመጣችም፤ ንጉሡ ልጇ ቶመንም አልመጣም። ነገሩ የገባት የቶመን ሚስት ማርጀሪ ብቻ ናት፤ ሰርሲ መቅረት የሚያስከትለውን ቅጣት እያወቀች ከቀረች፣ ቅጣቱን የመቀበል ሐሳብ የላትም ማለት ነው ብላ ሕዝቡ ባስቸኳይ እንዲወጣ ትማጸናለች። የሃይማኖት መሪው የሃይ ስፓሮው ሰዎች በሩን ዘግተው አንድም ሰው አላስወጣም አሉ። በዚያው ቅጽበት ከቤተ መቅደሱ በታች በሚገኘው ዋሻ ውስጥ፣ በልጅ እጅ ወገቡ ላይ የተወጋው ላንሰል በደረቱ እየተሳበ፣ በፈሰሰው አረንጓዴ ተቀጣጣይ ፈሳሽ መካከል ቆመው ወደሚነዱት ሻማዎች ይጠጋል። አልደረሰም።

ጋዜጣችሁ ከዚህ ፍንዳታ የመዘገበው ማርጀሪን፣ ሎራስን፣ አባታቸውን ሜስ ታይሬልን፣ ሃይ ስፓሮውን፣ ኬቫን ላኒስተርንና ላንሰልን ብቻ ነው። የቀሩት በሙሉ ተዘለሉ። አዳራሹ ሞልቶ ነበር፤ እሳቱም ግድግዳውን አፍርሶ በዙሪያው ወዳሉት ጎዳናዎች ሲወጣ፣ ፍርስራሹ ስለ ፍርዱ ምንም በማያውቁ መንገደኞች ላይ ሲወርድ አይተናል። ጸሐፊው ስም የሌላቸውን ሟቾች ያልቆጠረው ቁጥራቸውን ማወቅ ስላልተቻለ ነው የሚል መከራከሪያ ሊያቀርብ ይችላል። ቁጥሩ አለመታወቁ እውነት ነው። ይሁንና የማይታወቅ ቁጥርና ዜሮ አንድ አይደሉም፤ በሠንጠረዡ ላይ ግን በዜሮ ተተክቷል። ሰርሲ ይህን ቦታ የመረጠችው ደግሞ ጠላቶቿን አንድ በአንድ ማስገደል አቅቷት አይደለም፤ ግራንድ ሜይስተር ፓይሰልን በዚያው ሰዓት በሌላ ክፍል ውስጥ በሕፃናት ጩቤ አስፈጅታዋለች። ሌሎቹን ሁሉ አብሮ ለማጥፋት ፈቃደኛ ስለነበረች ነው። እንግዲህ የድርጊቱን ጭካኔ የሚለኩት እነዚያው ስም የለሾች ሆነው ሳለ፣ እነሱን አስወጥቶ መኳንንቱን ብቻ መቁጠር ሰርሲ በዚያች ዕለት የቆጠረችውን ቆጠራ መድገም ይሆናል። እሷ በመስኮት ቆማ ወይኗን እየተጎነጨች ስታይ ያሰበችው ስለ እነማርጀሪ ብቻ ነበርና።

የቶመንን ሞት በሚመለከት ጸሐፊው «ራሱን አጠፋ» ብሎ በማንም ላይ አልጻፈውም። እዚህ ላይ በከፊል እስማማለሁ። ልጁ ከክፍሉ እንዳይወጣ ግሬጎርን በሩ ላይ ያቆመችው እናቱ ናት፤ ይህን ያደረገችው ግን ልታድነው ነበር። ቶመን ጭሱን ካየ በኋላ ዘውዱን አውልቆ አስቀምጦ፣ አንድ ቃል ሳይተነፍስ ወደ መስኮቱ ተመልሶ ራሱን ይጥላል። ነፍስ ግድያ ብሎ መመዝገብ አይቻልም፤ ባይፈነዳ ኖሮ የማይከሰት መሆኑም የተረጋገጠ ነው። ራሱን የቻለ የግርጌ ማስታወሻ ቢሰጠው ይበቃል።

ከሰርሲ ላይ መቀነስ ያለባቸውም አሉ። ሠንጠረዡ ባራ የተባለችውን ሕፃን ጨምሮ የሮበርትን ዲቃሎች ግድያ በእሷ ስም መዝግቧል። ይህ ምናልባት ከጆርጅ አር. አር. ማርቲን መጽሐፍ የመጣ ይሆናል፤ እ.ኤ.አ. በ1998 በታተመው በሁለተኛው ቅጽ ትእዛዙ በእርግጥ የንግሥቲቱ ነው። በድራማው ግን ታሪኩ ተለውጧል። በሁለተኛው ምዕራፍ መጀመሪያ ጆፍሪ ስለ አባቱ ዲቃሎች እናቱን ሲጠይቃት በጥፊ ትመታዋለች፤ ከዚያ ወርቃማ ካባ የለበሱት የከተማው ጠባቂዎች ሕፃናቱን ያርዳሉ። ቆይቶ ወንድሟ ቲሪየን ሊወቅሳት ሲገባ ከዝምታዋ ትእዛዙ የጆፍሪ መሆኑን ይረዳል። ስለ ድራማው የሚደረግ ቆጠራ በድራማው መጽናት አለበት። የኔድ ስታርክም ሞት እንዲሁ በሰርሲ ላይ መጨመር የለበትም፤ እሷ ወደ ሰሜኑ ግንብ እንዲላክ ነበር የመከረችው፤ ልጇ ምክሯን በአደባባይ ሻረው። የሮበርት ዋና አማካሪ የነበረው ጆን አሪን ደግሞ ከመጀመሪያው ምዕራፍ ጀምሮ ተመልካቹ ሁሉ በላኒስተሮች ላይ የጻፈው ሟች ነው፤ በአራተኛው ምዕራፍ መርዙን የጨመረችው ሚስቱ ላይሳ፣ ያነሳሳትም ፒተር ቤይሊሽ እንደነበር ታወቀ። በመካከሉ በተላለፉት ሦስት ዓመታት የሟቾች ዝርዝር የያዘ ሁሉ መሰረዝ ነበረበት። (ቤይሊሽ ራሱ በዚህ ሠንጠረዥ ላይ እምብዛም አለመታየቱ ለሌላ ደብዳቤ የሚበቃ ጉዳይ ነው።)

ሁሉም የዘለለው አንድ ሟች አለ። ቲሪየን አባቱን ገድሎ ከጠፋ በኋላ ሰርሲ ጭንቅላቱን ላመጣላት ሽልማት እንደምትሰጥ አስታወቀች። በአምስተኛው ምዕራፍ አዳኞች ቁመቱ አጭር የሆነ የአንድ ሰው ጭንቅላት ይዘው ይቀርባሉ፤ ቲሪየን አይደለም። ሰርሲ አዳኞቹን አልቀጣቸውም፤ ሌሎች ፈላጊዎች ተስፋ እንዳይቆርጡ በመስጋት ነው። ካይበርን ጭንቅላቱን ለምርምሩ ለምኖ ይወስዳል። የሟቹን ስም አንሰማም፤ ማን እንደነበርም አይነገረንም። ይህ ሰው የሞተው ንግሥቲቱ በቁመት ለይታ ባወጣችው ዋጋ ምክንያት ነው፤ ስሕተቱን ካየችም በኋላ አዋጇን አላነሳችም። በእኔ አስተያየት፣ ከታይኒ ቀጥሎ ያለ አንዳች ክርክር በሰርሲ ስም ሊጻፍ የሚገባው እሱ ነው።

እ.ኤ.አ. ግንቦት 12 ቀን 2019 በተላለፈው ክፍል በኪንግስ ላንዲንግ የነደደውን ሕዝብ ጸሐፊው ዘንዶ በምትጋልበው በዴኔሪስ ላይ መጻፉ ተገቢ ነው። ሰርሲ ሕዝቡን ወደ ቤተ መንግሥቱ ቅጥር ያስገባችው እንደ ጋሻ ልትጠቀምበት እንደነበር አይካድም፤ ሆኖም ደወሉ ከተደወለና ከተማዪቱ እጇን ከሰጠች በኋላ የተለቀቀው እሳት የዴኔሪስ የራሷ ውሳኔ ነው። በዚያው ክፍል ውስጥ ከዘንዶው እሳት መካከል እዚህም እዚያም አረንጓዴ ነበልባል ሲፈነዳ ይታያል። እነዚያ ታሪኩ ከመጀመሩ ከዓመታት በፊት የተገደለው እብዱ ንጉሥ ኤሪስ ከከተማዪቱ በታች ያስቀበራቸው ክምችቶች ናቸው። በእነሱ የሞቱትን ለማን ልንሰጥ ነው? ለዴኔሪስ ከተሰጡ አያጣላኝም፤ ኤሪስ ግን በሠንጠረዡ ላይ ጨርሶ አለመኖሩ ይገርማል።

ስለ እንስሳት ብዙ አልልም። ሌዲ የተባለችው የሳንሳ ተኩላ በሰርሲ ጥያቄ መገደሏን አውቃለሁ፤ ዝርዝሩ የሰዎች ከሆነ ለሁሉም የሰዎች ይሁን፤ ለራምሲ ዉን ዉን የተባለው ግዙፍ ከተቆጠረለት ግን ድንበሩ የት ላይ እንደሆነ መጻፍ ያስፈልጋል።

ስለዚህ ጋዜጣችሁ ሠንጠረዡን እንደገና ሲያወጣ፣ በገዛ እጅ የተገደሉትን፣ በትእዛዝ የተገደሉትንና ቁጥራቸው የማይታወቅ ስም የለሽ ሟቾችን በሦስት የተለያዩ ዓምዶች እንዲያስቀምጥ እጠይቃለሁ። ባራና ሌሎቹ ሕፃናት ወደ ጆፍሪ ይዛወሩ፤ ኤላሪያና ዩኔላ ይሰረዙ፤ ሚሳንዴይ፣ ሮበርትና ያ ጭንቅላቱ የቀረበው ሰው በሰርሲ ሁለተኛ ዓምድ ይግቡ። በሦስተኛው ዓምድ ከቤተ መቅደሱ አንጻር ቁጥር መጻፍ ባይቻል እንኳ «ያልታወቀ» የሚለው ቃል ይጻፍበት።

ከአክብሮት ጋር፣
አንድ የጋዜጣችሁ አንባቢ