ሦስት ትውልድ ደም፣ አንድ ወንበር

ሰላም ወንድሜ፣

እንደምን ከረምክ? እማማ እንዴት ናቸው? ልጆቹስ አደጉ? እደውላለሁ እያልኩ ጊዜው ነጎደ። ሰሞኑን ግን አንድ የህንድ ፊልም አየሁና ካንተ ሌላ የማወራው ሰው አጣሁ። አሚታብ ሊማታ ሲል ከወንበርህ ብድግ ትል የነበረው መቼም አይረሳኝም።

ፊልሙ «ጋንግስ ኦፍ ዋሲፑር» ይባላል። አኑራግ ካሽያፕ እ.ኤ.አ. በ2012 ያወጣው ነው። ከአምስት ሰዓት በላይ ስለሚፈጅ ለሁለት ተከፍሏል። ቦታው ዳንባድ ነው፤ የድንጋይ ከሰል አገር። ራማዲር ሲንግ የሚባል የማዕድን ጌታ ሻሂድ ካንን በጉልበቱ ሠራተኛ እንዲያስገብርለት ይቀጥረዋል። ኋላ ቦታዬን ሊነጥቀኝ ነው ብሎ ያስገድለዋል። ልጁ ሳርዳር ገና ብላቴና ሳለ፣ የአባቴን ደም ሳልመልስ ጸጉሬን አላሳድግም ብሎ ራሱን ይላጫል።

የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም እንላለን። እዚህ ግን የወጋውም አልረሳም። ራማዲር ፖለቲካ ውስጥ ገብቶ በሰላም ያረጃል፤ እነ ሳርዳር ደግሞ ተራ በተራ በጥይት ያልቃሉ። ለዚህ ዕድሜ የበቃሁት ሲኒማ ስለማላይ ነው ይላል ሽማግሌው። ሌላው ሁሉ በየልቡ የአንድ ፊልም ጀግና ነው፣ ጀግና ደግሞ ቶሎ ይሞታል ባይ ነው። ይሄ ነገር አስደነገጠኝ። የሳርዳር ልጅ ፋይዛል እኮ ያደገው እንደኛው በአሚታብ ፍቅር ነው!

ፋይዛል ጋንጃውን እያጨሰ ከጠቡ ራቅ ብሎ የሚኖር ልጅ ነበር። አባቱ ተገደለ፤ ታላቅ ወንድሙም ተከተለ። ያኔ እናቱ ናግማ ደምህ የሚፈላው መቼ ነው ብላ ትወርድበታለች። እሱም የአባቴንም፣ የአያቴንም፣ የወንድሜንም፣ የሁሉንም እመልሳለሁ ይላታል። ሲናገር ድምፁን እንኳ ከፍ አያደርግም። ናዋዙዲን ሲዲኪ እንዴት አድርጎ እንደተጫወተው ብታይ! በኋላ ለሚስቱ ይሄን ሕይወት ፈልጌው አላውቅም ብሎ ሲያለቅስ እኔም አብሬው አለቀስኩ።

መጨረሻውን ካልነገርኩህ የጻፍኩበት ነገር አይገባህም። ፋይዛል ሽማግሌውን ሆስፒታል ውስጥ ያገኘዋል። ሰውዬው ከሞተ በኋላም መተኮሱን አያቆምም። ደሙ ተመለሰ፤ ግን ብዙም ሳይቆይ ፋይዛልን የገዛ አባቱ ልጅ፣ ከሌላ እናት የተወለደ ወንድሙ ይገድለዋል። ከጀርባ ሆኖ ነገሩን ያቀናጀው ደግሞ የራማዲር ልጅ ነው። በካኖች ቤት ከአባት ወደ ልጅ የተላለፈው ቂም ብቻ ነው። ሥልጣኑ ከሲንግ ቤት አንድም ቀን አልወጣም። ሦስት ትውልድ ደም ሲመልስ ኖሮ በመጨረሻ ለባለሥልጣኑ ልጅ መንገድ ጠረገለት። ይሄ ነው እንቅልፍ የነሳኝ።

በሁለት ማታ ከፍለህ እየው። ስትጨርስ ስለ ናግማ የሚሰማህን ጻፍልኝ። እኔ ልፈርድባትም፣ ይቅር ልላትም አልቻልኩም።

ያንተው