ምስጢሩንማ መንደሩ ሁሉ ያውቀዋል

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ስለ መንደር ምስጢርና በቀል የተጻፈውን ሥነ ልቦናዊ ልብ አንጠልጣይ ልብ ወለድ በተመለከተ በመጻሕፍት ዓምዳችሁ ያወጣችኋቸውን የአንባቢያን አስተያየቶች አንብበናል። ሦስት ቅሬታዎች ጎልተው ይሰማሉ፤ ታሪኩ ይጎተታል፣ ገዳዩ ከመጽሐፉ አጋማሽ በፊት ይታወቃል፣ በቀሉ አያረካም። በሦስቱም እንስማማለን። አብዛኞቹ አስተያየት ሰጪዎች ግን የችግሩ ምንጭ ምስጢሩ በደንብ አለመደበቁ ነው ይላሉ። እዚህ ላይ እንለያያለን፤ ምስጢሩ ከልክ በላይ ተደብቋል ባዮች ነን።

የገጠር መንደርን አስቡት። ከብት የሚጠብቅ ልጅ ማን በየትኛው አቋራጭ እንደወረደ ያያል። ውሃ የምትቀዳ ሴት የማን ጋቢ በሌሊት እንደታጠበ ታውቃለች። የማን ውሻ ሳይጮህ እንዳደረ ጎረቤት ልብ ይላል። እንዲህ ባለ ቦታ ሰው ተገድሎ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ማንም አላወቀም ከተባለ፣ ደራሲው በመንደሩ ውስጥ ሰው ማስፈር ረስቷል። የመንደር ምስጢር ሁሉም የሚያውቀው፣ አንድም ሰው በአደባባይ የማያነሣው ነገር ነው። ስለዚህ አንባቢን እንቅልፍ የሚነሣው ጥያቄ መጀመሪያ የሚናገረው ማን ነው፣ ዝም ያለውስ በዝምታው ምን አገኘ የሚለው ነው። አንዱ ወሰን ገፍቶበታል፣ ሌላው ልጁን ድሮበታል፣ ሦስተኛው የእድር ዳኛ ሆኖበታል። ደራሲ ታሪኩን ከመጀመሩ በፊት ለእያንዳንዱ ሰው አራት ነገር ጽፎ መያዝ አለበት፤ ምን ያውቃል፣ ከመቼ ጀምሮ፣ በዝምታው ምን አተረፈ፣ ቢናገር ምን ያጣል። ይህ ካልተሠራ ገጸ ባሕርያቱ ለደራሲው በተመቸው ምዕራፍ ላይ ብቻ ነገር ትዝ የሚላቸው ይሆናሉ። አስተያየት ሰጪዎቻችሁ «አይታመኑም» ያሏቸው ሰዎች በሽታቸው ይኸው ነው።

ለዚህ ዓይነቱ አጻጻፍ የስዊዘርላንዱ ፍሪድሪሽ ዱረንማት በ1956 እ.ኤ.አ. ዙሪክ ላይ ለመድረክ ያበቃውን «የአሮጊቷ እመቤት ጉብኝት» የተባለውን ተውኔት የሚያህል ማስተማሪያ አላገኘንም። ቦታው ጉለን የምትባል የደኸየች ትንሽ ከተማ ናት። አልፍሬድ ኢል በወጣትነቱ ያስረገዛትን ልጅ ክዶ፣ ሁለት ሰዎችን በአንድ ሊትር አረቄ ገዝቶ በሐሰት አስመስክሮባታል። ተዋርዳ ከአገር ወጣች። ከ45 ዓመት በኋላ ክሌር ዛካናሲያን በሚል ስም፣ ሀብቷ ተቆጥሮ የማያልቅ ሴት ሆና ተመለሰች። ለከተማዋ አንድ ቢሊዮን እሰጣለሁ አለች፤ ግማሹ ለከተማዋ፣ ግማሹ ለየቤተሰቡ የሚከፋፈል። ዋጋው የኢል ሞት ነው።

ልብ በሉ፣ ይህ ሁሉ የሚነገረው በመጀመሪያው ገቢር ነው። የሚደበቅ ነገር አልቀረም። ከንቲባው በሰብዓዊነት ስም እምቢ ይላል፣ ሕዝቡ ያጨበጭብለታል። ከዚያ ጎረቤቶች ወደ ኢል ሱቅ እየገቡ ከወትሮው የተሻለ ወተት፣ ነጭ ዳቦ፣ ውድ ትንባሆ በዱቤ መግዛት ይጀምራሉ። ኢል ዝቅ ብሎ ሲያይ ሁሉም አዲስ ቢጫ ጫማ አድርገዋል። በምን ሊከፍሉት እንዳሰቡ ሲገባው ተመልካቹም አብሮት ይገባዋል። አንድም ሰው አልዛተበትም፣ ቢላዋም አልተመዘዘም። ሴኔጋላዊው ጅብሪል ዲዮፕ ማምቤቲ ታሪኩን በ1992 እ.ኤ.አ. «ጅቦች» በሚል ፊልም በሴኔጋል ወዳለችው ኮሎባን ሲወስደው አጥንቱን አልነካም፤ የቀየረው የሰዉን ምኞት ነው፤ ማራገቢያና ማቀዝቀዣ አመጣ። ወደ እኛ ገጠር የሚያመጣው ደራሲ ደግሞ የሣር ክዳን በአንድ በጋ ወደ ቆርቆሮ ሲለወጥ፣ የውሃ መሳቢያ ሞተር በዱቤ ሲገባ፣ ልጅን ወደ ዓረብ አገር ለመላክ ለደላላ ቀብድ ሲከፈል ማሳየት ይችላል። ገንዘቡ ከየት መጣ ብሎ የሚጠይቅ አንባቢ ፍርሃቱን በራሱ ይሠራዋል።

አሁን ወደ መጎተቱ እንምጣ። የእነዚህ መጻሕፍት ጣጣ የገጽ ብዛት አይደለም። የተለመደው ጥፋት እንዲህ ነው፤ ከአዲስ አበባ የመጣ መርማሪ ወይም ጋዜጠኛ ከቤት ቤት እየዞረ ለስምንት ሰው አንድ ጥያቄ ይጠይቃል፣ ስምንቱም «እኔ ምን አውቄ» ይሉታል። ስምንት ምዕራፍ አልቆ አንባቢ የያዘው አንድ መልስ ነው። እያንዳንዱ «አላውቅም» የራሱ መልክ ይኑረው። አንዷ ቡና አፍልታ ከአቦል እስከ በረካ ስለ መንደሩ ሁሉ ታወራለች፤ የሟቹን ስም ግን አትጠራም። ሌላው ያልተጠየቀውን ይመልሳል፤ «እኔ ያን ቀን ገበያ ነበርኩ» ይላል፣ ቀኑን ማንም ሳይነግረው። አንድ ሽማግሌ ደግሞ እንግዳውን እግሩን አሳጥቦ፣ መኝታ ለቆ ያሳድረውና ጎህ ሲቀድ እስከ መኪና መንገድ ድረስ ራሱ ይሸኘዋል፤ ያ አክብሮት ከዛቻ ይልቅ ያስፈራል። መርማሪው ከየቤቱ ሲወጣ አንባቢ ከእሱ አንድ ነገር ቀድሞ ማወቅ አለበት። ካላወቀ ምዕራፉ ይውጣ።

ገዳዩ ቀድሞ የሚታወቀው ፍንጭ ብቻውን ስለሚቀመጥ ነው። ደራሲው አንድ አንቀጽ ሙሉ ስለ ማጭድ ከጻፈ አንባቢ ማጭዱን ይዞ ይጠብቃል። ፍንጭ አንባቢው ሌላ ነገር በጉጉት በሚከታተልበት ትዕይንት ውስጥ፣ ከሁለት ሦስት ተራ ዕቃዎች መካከል፣ በግማሽ ዐረፍተ ነገር ማለፍ አለበት። ከዚያ ራቅ ብሎ አንድ ጊዜ ብቻ ይነካ። ሦስተኛ ጊዜ ከተነሣ ፍንጭነቱ ቀርቶ ማስታወቂያ ሆኗል። በታሪኩ ውስጥ ምንም ሥራ ሳይኖረው ከመጠን በላይ ደግ የሆነ ሰውም እንዲሁ ራሱን ያጋልጣል። (የንስሐ አባት የሰሙትን ምስጢር እንዲያወጡ የሚያደርጉ ደራስያንን በተመለከተ ደግሞ፣ እባካችሁ ይብቃ።)

አገርኛ የሆነ የፍንጭ መደበቂያ እያለን ለምን እንደማንጠቀምበት ይገርመናል። ለቅሶ ነው። አልቃሿ ሙሾ ስትደረድር ሁሉም ይሰማታል፣ ማንም አይጠይቃትም። ለምሳሌ ሟቹን ውሃ ወሰደው ተብሎ ከሆነ፣

ጎርፍ ወሰደው አሉኝ በጥር ወር በበጋ፣
ደመናው የት ኖሮ፣ በማን ደጅ ተጠጋ?

ብትል ለቀስተኛው ሁሉ ያለቅሳል፤ አንድ ሰው ግን ማልቀሱን ያቆማል። ደራሲው ያንን ሰው በስም ሳይጠራ፣ ነጠላውን ሲያስተካክል ብቻ ቢያሳየን ይበቃል። ፈጣን አንባቢ ይይዘዋል፤ ያልያዘው ደግሞ መጽሐፉን ጨርሶ ሲመለስ በራሱ ይናደዳል። ይህ ደስ የሚል ንዴት ነው።

በሕግና በዘመን ስሌት ላይ ያለው ግድየለሽነት ግን ደስ አይልም። በ1996ቱ የወንጀል ሕግ መሠረት በሞት ወይም በዕድሜ ልክ እስራት የሚያስቀጣ ወንጀል እንኳ ክሱ በ25 ዓመት ይርጋ ይታገዳል፤ ጊዜው አልፏል ተብሎ አይከሰስበትም። ስለዚህ ከ32 ዓመት በፊት የተፈጸመ ግድያ ሲገለጥ ፖሊስ ሽማግሌውን በካቴና አስሮ የሚወስድበት መጨረሻ፣ ይርጋውን የሚያቋርጥ ምርመራ ቀደም ብሎ ካልነበረ በቀር፣ አይሠራም። ደራሲ ይህን እንደ እንቅፋት ማየት የለበትም፤ ሕግ እጁን ሲሰበስብ ነው የበቀለኛው ጭንቅ የሚጀምረው። ልዩነት የሚያመጣ ነጥብም አለ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 28 መሠረት በሰው ልጅ ላይ የተፈጸሙ ወንጀሎች በይርጋ አይታገዱም። ምስጢሩ ከ1969 እና 1970 ዓ.ም. ቀይ ሽብር ጋር የተያያዘ ከሆነ፣ ማን ማንን ለቀበሌ ጠቁሞ አስወሰደ የሚል ከሆነ፣ ስሌቱ ሁሉ ይለወጣል፤ ጠቋሚው ሰማንያ ዓመት ቢሞላውም ማረፊያ የለውም። የመሬት ቂምም ቀን አለው። የ1967ቱ የገጠር መሬት አዋጅ፣ በአማራ ክልል በ1989 ዓ.ም. የተካሄደውና «ቢሮክራት» ተብለው የተፈረጁ ሰዎች መሬት የተቀነሰበት የመሬት ድልድል፣ በኋላም የይዞታ ደብተር መሰጠት፣ እያንዳንዳቸው ጎረቤትን ከጎረቤት ያቃቃሩ ናቸው። «ከጥንት ጀምሮ በመሬት ይጣሉ ነበር» ብሎ ማለፍ ለሰነፍ ደራሲ ነው።

ስለ አስከሬንና መርዝ በአጭሩ። በገጠር ሟች ብዙ ጊዜ በሞተበት ዕለት ወይም በማግስቱ ይቀበራል፤ የአስከሬን ምርመራ ደግሞ ለረጅም ዘመን የአዲስ አበባው ምኒልክ ሆስፒታል ሥራ ሆኖ ኖሯል። ስለዚህ በወረዳ ጤና ጣቢያ በአንድ ሌሊት የሚወጣ የዘር (ዲ.ኤን.ኤ.) ምርመራ ውጤት ቀልድ ነው። በአንድ ጉንጭ ጠላ ክልትው የሚያደርግ መርዝም እንዲሁ። አስተናግር የሚባለው እፀ ፋርስ የሚያደርገውን የሚያውቅ ደራሲ ሞትን ትቶ መቃዠቱን ይወስዳል፤ የዓይን ብሌን ይሰፋል፣ አፍ ይደርቃል፣ ሰውየው የሌለ ሰው እያየ ይለፈልፋል። መንደርተኛው «ለከፈው» ይላል፣ አንባቢው ግን ልፍለፋው ውስጥ እውነት አለ ወይስ የለም እያለ ይቆያል። ከሁሉ የሚበልጠው ግን ጓያ ነው። በድርቅ ዓመት ለሁለት ሦስት ወር ዋና ምግብ ሆኖ ሲበላ እግር ያሽመደምዳል፣ ሽባነቱም አይመለስም፤ ይበልጥ የሚጎዳውም ወጣት ወንዶችን ነው። ፎገራና ደምቢያ ያውቁታል። በክፉ ዘመን ጎተራው ጤፍ ሞልቶ ለሠራተኞቹ ጓያ ብቻ ይሰፍር የነበረ ሀብታም፣ አሁን የተከበረ አዛውንት ሆኖ፣ በዱላ የሚሄዱት ሰዎች ደግሞ በየበዓሉ እየመጡ እንኳን አደረሰዎ ይሉታል። ይህ በየትኛውም ችሎት የማይቀርብ ወንጀል ነው። እስካሁን ለምን እንዳልተጻፈ አናውቅም።

ሦስተኛው ቅሬታ፣ በቀሉ አላረካም የሚለው፣ ከሁሉም ትክክለኛው ነው። ደራሲው በጥይት ጨረሰው። በአገራችን ግን ደም ከፈሰሰ በኋላ ያለው ነገር ይበልጥ ከባድ ነው። ሽማግሌ ይገባል፤ በኦሮሞ ጉማ፣ በወሎ በአባጋር፣ በሌላውም አካባቢ ደም ማድረቅ በሚባለው ሥርዓት ካሣ ይቆረጣል፣ መሐላ ይፈጸማል፣ የገዳይና የሟች ወገን አብሮ ይበላል። አባቱን የገደለበት ሰው ከጎኑ ቁጭ ብሎ እንጀራ ሲቆርስለት፣ ልጁ መጉረስ አለበት። ሽማግሌዎቹ ያዩታል፣ እናቱ ታየዋለች፣ ገዳዩም ያየዋል። ሥነ ልቦናዊ ልብ ወለድ የሚባለው ያንን ጉርሻ ሃያ ገጽ ማስረዘም የቻለ ነው። ጎረሰ እንበል፤ ሌሊት ላይ ምን ያደርጋል? ካሣውን ተቀብሎ የተበቀለ ሰው በመንደሩ ዓይን ከገዳዩ የባሰ ነው፤ ያልተቀበለ ደግሞ ወገኖቹን ሁሉ ለሌላ ደም ይዳርጋል። በዚህ መካከል የቆመ ሰው ያለበትን መጽሐፍ «አላረካኝም» የሚል አንባቢ አይኖርም።

ለዓምዱ አዘጋጆች ሁለት ጥያቄ አለን። አስተያየት ሲደርሳችሁ ጸሐፊው ታሪኩ የሚፈጸምበትን ዘመንና አካባቢ እንዲገልጽ ጠይቁት፤ ሁለቱን መለየት ካልቻለ መጽሐፉን በጥድፊያ አንብቦታል፣ ወይም ደራሲው ራሱ አያውቃቸውም፣ ያም በግልጽ ይጻፍ። ሁለተኛው የጀርባ ሽፋንን ይመለከታል። ከመጽሐፉ የመጀመሪያ ሲሶ በኋላ የሚሆነውን ነገር ሽፋን ላይ እንዳይጽፉ አሳታሚዎችን በዓምዳችሁ አሳስቡልን። «ገዳዩ የገዛ አጎቱ መሆኑን ሲያውቅ…» ብሎ የሚጀምር ሽፋን ደራሲው ብዙ ገጽ የደከመበትን በአንድ መስመር ያፈርሰዋል፤ ጥፋቱ ደግሞ በደራሲው ይላከካል።

ከአክብሮት ጋር፣
በልብ ወለድ አርትዖት ሥራ ላይ ያለን አንባቢዎቻችሁ
አዲስ አበባ