ካሜራ ለያዘችው ልጄ

የኔ እናት፣ እንደምን አለሽልኝ?

ባለፈው ስንደዋወል «ሰው እየሞተ ካሜራ ይዞ መዞር ምን ይረባል?» አልሽኝ። ነገሩ በስልክ የሚያልቅ ስላልመሰለኝ ዝም አልኩሽ።

የፖርቱጋል ቅኝ ግዛት የነበረችውን የምዕራብ አፍሪካዊቷን አገር የጊኒ ቢሳውን ታሪክ ልንገርሽ። የነፃነት ትግሉ መሪ አሚልካር ካብራል ጫካ ገብቶ ከፖርቱጋል ጋር እየተዋጋ ነው። አንድ ሰው እንኳ ከሥራ የማይተርፍበት ጊዜ ነው። እሱ ግን እ.ኤ.አ. በ1967 አራት ወጣቶችን ሲኒማ ተማሩ ብሎ ኩባ ላካቸው፤ ሳና ና ንሃዳ፣ ፍሎራ ጎሜዝ፣ ጆዜ ቦላማ እና ጆዜፊና ክራቶ። ጆዜፊና ሴት ናት፤ አንቺ እንድታውቂያት ብዬ ነው። እስከዚያ ትግሉን የሚቀርጹት በብዛት የውጭ አገር ሰዎች ነበሩ። ካብራል የአገሩ ልጆች በገዛ ዓይናቸው እንዲያዩትና እንዲያሳዩት ፈለገ። አርቆ አሳቢነቱ ይገርመኛል።

ልጆቹ ተመልሰው ጫካ ገቡ። የሚቀርጹት ተኩስ ብቻ አልነበረም። ነፃ በወጣው መሬት ትምህርት ቤት ነበረ፣ ሕክምና ነበረ፣ ሕዝቡ ሩዙን ሰጥቶ ጨርቅ የሚወስድበት የሕዝብ መደብር ነበረ። «እዚያ ጥቂት ሽፍቶች እንጂ ምንም የለም» ለሚል ገዢ ከዚህ የበለጠ ምን መልስ አለ?

እ.ኤ.አ. ጥር 1973 ካብራልን በጎረቤት አገር ጊኒ ዋና ከተማ ኮናክሪ ላይ ገደሉት። በዚያው ዓመት በፈረንጆቹ መስከረም 24 ቀን ነፃ በወጣው ቦዬ በሚባል አካባቢ ነፃነት ሲታወጅ እሱ የለም። የላካቸው ልጆች ግን ካሜራቸውን ይዘው እዚያው ነበሩ። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ሆዴ ይባባል።

ከዚያ በኋላ ያለው ደግሞ ያናድዳል። ፊልም ሙቀትና እርጥበት ይገድለዋል፤ መበስበስ ሲጀምር ሆምጣጤ ሆምጣጤ ይሸታል። እ.ኤ.አ. በ1998 የእርስ በርስ ጦርነት ሲነሳ ብዙው ተበላሸ፣ ጠፋ። የተረፈው በርሊን ሄዶ እ.ኤ.አ. በ2012 ወደ ዲጂታል ተገለበጠ። ወደ አገሩ ተመልሶ ለሕዝብ ሲታይ ብዙው ድምፅ ስላልነበረው ሳና ራሱ ምስሉ አጠገብ ቆሞ ይተርክ ነበር። እሱ ባይኖር ማን ይናገር ነበር?

ስለዚህ የኔ እናት፣ የቀረጽሻቸውን ሰዎች ስም፣ ቦታውንና ቀኑን ዛሬውኑ ጻፊ። ነገ እያልሽ አታሳድሪው። አንዱን ግልባጭ በሃርድ ዲስክ አድርገሽ ላኪልኝ፣ እኔ ጋ ይቀመጥ።

እናትሽ