የሥነ ዜጋና ሰብአዊ መብት ክበብ፦ መብት መሃል ለመሃል አይከፈልም

የዘንድሮውን የክበባችንን ሥራ በአንድ ጥያቄ ዙሪያ አደረግነው። መንግሥት ወይም ትምህርት ቤት የሰውን መብት ሲገድብ፣ ገደቡ ልክ መሆኑ በምን ይታወቃል? የሕግ ሰዎች መልሱን የተመጣጣኝነት መርህ ይሉታል፤ ገደቡ ከዓላማው ጋር መመጣጠን አለበት ማለት ነው። ከመማሪያ መጽሐፋችን ከፍ ያለ ጉዳይ ነው። ተማሪዎቻችን ግን ችለውታል።

መጀመሪያ ላይ የተፈተንነው በራሳችን ባህል ነው። እኛ ወሎ ውስጥ ሰው ሲጣላ ሽማግሌ ይቀመጣል። ነገሩ ከከበደ አበጋር የሚባለው ባህላዊ አስታራቂ ይጠራል፤ ደም ያደርቃል፣ ያስታርቃል። ክርስቲያኑና ሙስሊሙ በአንድ ቤተሰብ ውስጥ ተዋደው የሚኖሩት በዚህ ጥበብ ጭምር ነው፤ እኔም እኮራበታለሁ። ስለዚህ አንድ የመብት ክርክር ባነሳሁ ቁጥር ልጆቹ ወዲያው «ቲቸር፣ መሃል ለመሃል እናድርገው» ይላሉ። ትንሽ ለመንግሥት፣ ትንሽ ለሰውየው።

ነገር ግን እርቅ የሚያስማማው ሁለት ጎረቤቶችን ነው። መብት ላይ ሁለቱ ወገኖች እኩል አይደሉም። አንዱ ሕግ ያወጣል፣ ፖሊስ አለው፣ ማኅተም አለው። በዚያ ላይ መብቱ ከመጀመሪያውም የሰውየው ነው። ስለዚህ የማስረዳቱ ሸክም የገዳቢው ነው። ይህን ለመጨበጥ የመጀመሪያው ሴሚስተር ሊያልቅብን ምንም አልቀረው። የዓመቱ ትልቁ ትርፋችን ግን እሱ ነው።

ከዚያ በኋላ ጥያቄዎቹን በቅደም ተከተል መጠየቅ ለመድን። የገደቡ ዓላማ ተገቢ ነው? ገደቡ ዓላማውን በእርግጥ ያሳካል? ያንኑ ዓላማ የሚያሳካ፣ መብትን ግን በትንሹ ብቻ የሚነካ ሌላ መንገድ የለም? እነዚህን ሁሉ ካለፈ ብቻ፣ የሚገኘው ጥቅም ከሚደርሰው ጉዳት ይበልጣል ወይ ይባላል። ሚዛኑ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። ልጆቹ መጀመሪያ ሚዛን ላይ መዝለል ይወዱ ነበር፤ አሁን ሦስተኛዋን ጥያቄ ሳይጨርሱ አይነኩትም።

መርሁ ከየት እንደመጣ ለማየት ወደ ጀርመን ታሪክ ሄድን። እ.ኤ.አ. በ1882 የፕሩሲያ ከፍተኛ የአስተዳደር ፍርድ ቤት አንድ የበርሊን ፖሊስ ደንብ ውድቅ አደረገ። ደንቡ ክሮይዝበርግ የሚባለው የበርሊን ኮረብታ ላይ ያለው ሐውልት እይታ እንዳይጋረድ በዙሪያው የሚሠሩ ቤቶችን ከፍታ የሚገድብ ነበር። ፍርድ ቤቱ የፖሊስ ሥልጣን አደጋን ለመከላከል ነው፣ እይታ ለማሳመር አይደለም አለ። በኋላ ፍሪትዝ ፍላይነር የተባለ የስዊዘርላንድ የሕግ ምሁር፣ ፖሊስ ድንቢጥ ለመምታት መድፍ አይተኩስም ብሎ ጻፈ። ይቺ አባባል የክበባችን መፈክር ሆናለች።

እ.ኤ.አ. የ1958ቱ የፋርማሲ ጉዳይ ደግሞ ልጆቹን በጣም ሳበ። የባየርን ግዛት ሕግ አዲስ ፋርማሲ መክፈትን በእጅጉ ይገድብ ነበር፤ ያሉትን ነባር ፋርማሲዎች ኢኮኖሚ እንዳይጎዳ። ፈቃድ የተከለከለ አንድ ባለሙያ ተከራከረ። የጀርመን ሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ለገደቡ ምክንያት ሆኖ የቀረበው የሕዝብ ጤና ትልቅ ዓላማ መሆኑን ተቀበለ። ግን ሰውን ከሙያው ሳይከለክሉ መድኃኒትን መቆጣጠር ይቻላል ብሎ ገደቡን ሻረው። ደሴ ፒያሳ ፋርማሲው ተደርድሮ ለሚያዩ ልጆቻችን ነገሩ ወዲያው ገባቸው።

የዓመቱ ድምቀት ግን ተማሪዎቹ ራሳቸው ጠበቃና ዳኛ የሆኑበት ምስለ ችሎት ነበር። የወሰድነው የካናዳን ጉዳይ ነው። አንድ የሲክ እምነት ተከታይ ተማሪ ኪርፓን የሚባለውን ትንሽ የሃይማኖት ጩቤ ለብሶ ትምህርት ቤት ይመጣል፤ ግቢ ውስጥ ይወድቅበታል። ልብሱ ውስጥ ተሰፍቶ ይልበስ የሚል ስምምነት ቢደረስም የትምህርት ቤቱ የበላይ አካል ሙሉ በሙሉ ከለከለው። የትምህርት ቤቱ ጠበቃ የሆነችው ተማሪያችን ተነሥታ «ሰው እስኪወጋ ነው የምንጠብቀው?» አለች። አዳራሹ ጸጥ አለ። የልጁ ጠበቃ መልሶ «መቀስም ኮምፓስም ቦርሳችን ውስጥ አለ፤ እሱንስ ለምን አትከለክሉም?» አላት። የካናዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም እ.ኤ.አ. በ2006 የሄደው በዚሁ መንገድ ነው። መቀስና የመሳሰሉት ትምህርት ቤት ውስጥ እንዳሉ፣ በመቶ ዓመት ውስጥም በካናዳ ትምህርት ቤቶች በኪርፓን የደረሰ ጥቃት እንዳልተመዘገበ ጠቅሶ፣ ሙሉ ክልከላውን ውድቅ አደረገ። የእኛ ዳኞች ግን በድምፅ ተከፋፈሉ። በፍርዱ ሳይስማማ የልዩነት ሐሳብ የጻፈው የአሥራ አንደኛ ክፍል ልጅ ጽሑፍ ከፍርዱ ይልቅ ደስ አሰኝቶኛል፤ ደህንነትን በቁጥር ብቻ መለካት እንደማይቻል በትጋት አስረድቷል።

ወደ ራሳችን ሕገ መንግሥት ስንመጣ ሥራው ሌላ መልክ ያዘ። የደቡብ አፍሪካውና የካናዳው ሁሉንም መብት የሚመለከት አንድ የገደብ አንቀጽ አላቸው። የእኛ የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት ገደቡን በየአንቀጹ ነው የሚያስቀምጠው። አንቀጽ 26 ላይ የግል ሕይወት የሚገደበው አስገዳጅ ሁኔታ ሲኖርና በዝርዝር ሕግ ብቻ ነው። አንቀጽ 93 በአስቸኳይ ጊዜም ቢሆን መብት የሚታገደው አደጋውን ለማስወገድ በሚያስፈልገው መጠን ነው ይላል። የኮሮናን ጊዜ ሁላችንም ስለምናስታውስ እዚህ ላይ ክርክሩ ጦፈ። ማስኩን ሁሉም ደገፈው፤ የለቅሶው ገደብ ግን ልጆቹን ለሁለት ከፈላቸው። እዚያው አንቀጽ 93 ላይ ኢሰብአዊ አያያዝን የሚከለክለው አንቀጽ 18 እና የእኩልነት መብት ሊታገዱ እንደማይችሉ ተጽፏል። አንዳንድ ነገር ሚዛን ላይ አይወጣም ማለት ነው።

አንዲት ልጅ ያነሳችውን ጥያቄ ማለፍ አልፈልግም። «ሚዛኑን የሚይዘው ዳኛው አይደል? የንግግር ነፃነትና ፀጥታ በምን አንድ ኪሎ ይለካሉ?» አለች። ትልልቅ ምሁራንም በዚህ ይከራከራሉ። እኔ የማምነው ይህን ነው፦ ዳኛው ምክንያቱን ደረጃ በደረጃ ለመጻፍ ከተገደደ፣ ቢሳሳት እንኳ የቱ ጋ እንደተሳሳተ ይታያል።

የስልኩን ጉዳይ በአጭሩ ልንገራችሁ። ክበቡ ትምህርት ቤታችን በስልክ ላይ የጣለውን ሙሉ ክልከላ በአራቱ ጥያቄዎች መርምሮ ለትምህርት ቤቱ አስተዳደር ጽሑፍ አቀረበ። ከገጠር መጥተው ቤት ተከራይተው የሚማሩ ልጆች ከክፍል ሲወጡ ወላጅ የሚያገኙት በስልክ ነው። ስልኩ ጠዋት በር ላይ ተሰጥቶ ማታ ቢመለስ ትምህርቱም አይረበሽም። አስተዳደሩ ሐሳቡን ተቀብሎ እየሞከረው ነው። ምስጋናችን ከልብ ነው።

ለመጪው ዓመት የያዝነው የበር ፍተሻን ነው፤ ቦርሳ እንዴት ይፈተሽ፣ ሴት ተማሪን ማን ይፈትሽ፣ የተገኘው ነገር ለማን ይነገር። የዘጠነኛ ክፍል ልጆች፣ አብሽሩ፣ ሕግ ማወቅ አይጠበቅባችሁም። ሐሙስ ከትምህርት በኋላ ቤተ መጻሕፍት ኑ፤ ሕገ መንግሥቱን ብቻ ይዛችሁ።